የኢትዮጵያን ተራሮች የለኩት አንቷን ዳባዲ

ስለ አገራችን ብዙ ደክመው ካጠኑት ፈረንሳውያን አንዱ አንቷን ዳባዲ ናቸው። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1810 በደብሊን ከተማ ከፈረንሳዊ አባትና ከአየርላንዳዊት እናት ተወለዱ፤ ያደጉት ግን በፈረንሳይ አገር ነው።

በ1838 ከወንድማቸው ከአርኖ ጋር በምጽዋ ወደብ ገቡ። እስከ 1848 ድረስም በትግራይ፥ በጎንደር፥ በጎጃም፥ በእናርያና በከፋ ተዘዋወሩ። በየተራራው ራስ ላይ መለኪያ መሣሪያቸውን ተክለው፥ የሌሎቹን ተራሮች አቅጣጫና ከፍታ እየለኩ ካርታ አነሡ። ከ200 የሚበልጡ የብራና መጻሕፍትም ሰበሰቡ፤ እነዚህም ዛሬ በፓሪስ በብሔራዊው ቤተ መጻሕፍት ይገኛሉ። በ1881 ደግሞ የአማርኛ መዝገበ ቃላት በፈረንሳይኛ አሳተሙ።

ይሁን እንጂ እኚህ ጠንቃቃ ሰው በአንድ ነገር ተሳሳቱ። በዚያ ዘመን የነጭ ዓባይን ምንጭ ማግኘት የብዙ ተጓዦች ምኞት ነበር። ዳባዲም በ1846 የግቤን ምንጭ ባዩ ጊዜ ያገኙት መሰላቸው። ግቤ ኦሞ ተብሎ ወደ ደቡብ ሲወርድ ግን እስከ መጨረሻው ተከትለው አላዩትም። እኛ በአባያ ሐይቅ አጠገብ የምንማር ልጆች፥ ኦሞ ከጋሞ ተራሮች በስተ ምዕራብ አልፎ ቱርካና ሐይቅ እንደሚገባ እናውቃለን። በ1896 አባያን ያዩት ጣሊያናዊው ቦቴጎና ጓደኞቻቸው ኦሞን እስከዚያ ሐይቅ ድረስ ተከትለው ይህን አረጋገጡ።

እንግሊዛዊው ቤክ ዳባዲን አጥብቀው ተከራክረዋቸው፥ ከፋ መድረሳቸውንም ሳይቀር ክደው ነበር። በኋላ የመጡ ተጓዦች ግን የዳባዲን ልክ ትክክለኛነት መሰከሩ። እንግዲህ የገመቱት ሲፈርስ፥ የለኩት ጸንቶ ቀረ።

ዳባዲ በ1867 የፈረንሳይ የሳይንስ አካዳሚ አባል ሆኑ። በአንዳይ ከተማ በባሕር ዳር ባሠሩት ቤተ መንግሥት ግድግዳ ላይ የአማርኛ ጽሑፍ አስቀረጹ፤ የከዋክብት መመልከቻም አቆሙበት። በ1897 ሲሞቱ ቤቱ ለዚሁ ጥናት እንዲውል ለአካዳሚው አወረሱ።

እኛም ተማሪዎች በፈተናም ሆነ በሥራ፥ ያየነውን ካልነው፥ የሰማነውንም ከመሰለን ለይተን እንጻፍ። እንዲህ ያደረገ ሰው ቢሳሳት እንኳ፥ ከኋላው የሚመጣው ስሕተቱን አርሞ ከደከመበት ይጠቀማል።