«የሰማዩ ጌታ» የተባለው ሰው

ስለ ሜክሲኮ ካርቴሎች የተሠሩ ተከታታይ ድራማዎችን የምትከታተሉ አማዶ ካሪዮ ፉዌንቴስን ሳታውቁት አትቀሩም። የተወለደው ሲናሎአ ውስጥ፣ ጓሙቺሊቶ በምትባል የገጠር መንደር ነው። አጎቱ ስመ ጥር የዕፅ ነጋዴ ነበር፤ እሱም በዚያው መንገድ ገባ። እ.ኤ.አ. በ1993 የሁዋሬዝ ካርቴል አለቃ ሲገደል ቦታውን ያዘ። የሚገርመው፣ ያ አለቃ ራሱ የቀድሞ የመንግሥት ደኅንነት ሹም ነበር።

አማዶ የኮሎምቢያን ኮኬይን በቦይንግ 727 ያስጭን ስለነበር «የሰማዩ ጌታ» አሉት። ግን እስቲ አስቡት፤ ያን የሚያህል አውሮፕላን ተደብቆ ያርፋል? ሲያርፍ አይቶ እንዳላየ የሚያልፍ ባለሥልጣን ያስፈልጋል። አማዶ ደግሞ ለዚህ የሚከፍለው አላጣም።

በ1996 መጨረሻ ጄኔራል ጉቲዬሬዝ ሬቦዮ የአገሪቱ የፀረ ዕፅ ተቋም ኃላፊ ሆኖ ተሾመ። ሦስት ወር ሳይሞላው ታሰረ። ለካስ የአማዶ ሰው ኖሯል! ሲያሳድድ የከረመው የአማዶን ተቀናቃኞች ነበር።

ከዚያ በኋላ አማዶ መሸሸጊያ አጣ። መልኩን ለመቀየር ሜክሲኮ ሲቲ ውስጥ ቀዶ ሕክምና አደረገ፤ ሐምሌ 4 ቀን 1997 እዚያው ሆስፒታል ሞተ። ከወራት በኋላ ቀዶ ሕክምናውን አድርገዋል የተባሉ ሐኪሞች አስከሬን ሲሚንቶ በተሞላ በርሜል ውስጥ ተገኘ።

ድራማውን ስታዩ ታዲያ ዶላሩን ብቻ አትዩ። አውሮፕላኑን ያሳረፈውን ሹምም ፈልጉት። አማዶን ደግሞ እንዲህ አስታውሱት፦ ጄኔራል መግዛት ቻለ፤ የገዛ ፊቱን ይዞ መኖር ግን አልቻለም።