ፈላስፋው ዘርዐ ያዕቆብ

ከአገራችን ሊቃውንት መካከል ስለ ሃይማኖት፣ ስለ ሰው ልጅ ጠባይና ስለ ሕይወት ትርጕም በመመራመር ስሙ በውጭ አገር ሳይቀር የታወቀው ዘርዐ ያዕቆብ ነው። ዛሬ ሐሳባቸውን በፊልም የሚገልጹ ፈላስፎች አሉ፤ የእርሱ መሣሪያ ግን ብራናና ቀለም ብቻ ነበር። የሕይወቱን ታሪክ የምናገኘው «ሐተታ» ከተባለው የግእዝ መጽሐፍ ነው።

መጽሐፉ እንደሚተርከው፣ ዘርዐ ያዕቆብ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር በ1599 በአክሱም አጠገብ ከአንድ ድኻ ገበሬ ተወለደ። ዜማ፣ ቅኔና የመጻሕፍት ትርጓሜ ከተማረ በኋላ በአክሱም መምህር ሆነ። ጊዜው ግን ክፉ ነበር። ዐፄ ሱስንዮስ የካቶሊክን ሃይማኖት ተቀብለው ሕዝቡም እንዲከተላቸው በማዘዛቸው ወንድም በወንድሙ ላይ ተነሣ። ዘርዐ ያዕቆብ የሁለቱንም ወገን ትርጓሜ ጎን ለጎን እያቀረበ ስላስተማረ ሁለቱም ጠሉት። በመጨረሻም አንድ ጠላቱ በንጉሡ ዘንድ ስለ ከሰሰው፣ ጥቂት ወርቅና መዝሙረ ዳዊቱን ይዞ በሌሊት ሸሸ።

በተከዜ አካባቢ ዋሻ አግኝቶ ሁለት ዓመት ያህል ብቻውን ተቀመጠ። በዚያም ፈጣሪ መኖሩን፣ ሰዎችም በስሙ ስለ ምን እንደሚጣሉ መረመረ። የደረሰበትም ፍርድ ይህ ነው፤ ፈጣሪ ለሰው ሁሉ ልቡና ሰጥቷል፤ ሰውም ሁሉ በፈጣሪ ፊት እኩል ነው፤ ስለዚህ የሰማነውን ሁሉ በልቡናችን መመርመር ይገባናል።

በ1632 ሱስንዮስ ሲሞቱ ከዋሻው ወጥቶ በእንፍራዝ ከአንድ ባለጸጋ ቤት ተቀመጠ፤ መጻሕፍት እየጻፈና የባለጸጋውን ልጆች እያስተማረ ኖረ። የቤቱን ገረድ ኂሩትን ሲያጭም በገረድነት ሊቀበላት አልፈቀደም፤ ባልና ሚስት እኩል ናቸው ብሎ ያምን ነበርና በሚስትነት አገባት። በ1667 በደቀ መዝሙሩ በወልደ ሕይወት ልመና መጽሐፉን ጻፈ፤ በ1692 በ93 ዓመቱ ዐረፈ።

ይሁን እንጂ በመጽሐፉ ላይ ክርክር ተነሥቷል። የብራናውን ቅጂ በ1850ዎቹ ዓመታት ወደ አውሮፓ የላከው ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ የተባለ ኢጣልያዊ መነኵሴ ነው። በ1920 ኮንቲ ሮሲኒ መነኵሴው ራሱ ደረሰው ሲል፣ የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ መምህር የነበረው ክላውድ ሰምነር ደራሲው ኢትዮጵያዊ ነው በማለት ብዙ ዓመት ደክሟል። ነገሩ እስከ ዛሬ አልተቈረጠም። እንግዲህ የመጽሐፉ ትምህርት በራሱ በመጽሐፉ ላይ ይሠራል ማለት ነው፤ ሳይመረምሩ መቀበልም መንቀፍም አይገባም።

በከሚሴና በዙሪያዋ ሙስሊሙና ክርስቲያኑ በአንድ ገበያ ይገናኛል፤ በለቅሶም በሠርግም ይረዳዳል። በዚህ አገር ያደግን እኛ የዘንድሮ ጨራሾች ከትምህርት ቤት ስንወጣ ሁለት ነገር ይዘን ብንወጣ መልካም ነው፤ ያጠናነውን የሚመረምር ልቡናና፣ በእምነት የማይመስለንን ጎረቤት የሚያከብር ልብ። ምርመራ ያለ መከባበር ጠብ ይወልዳል፤ መከባበርም ያለ ምርመራ የመጀመሪያው ወሬ ሲመጣ ይፈርሳል።