አበበ ቢቂላ

ሻምበል አበበ ቢቂላ (ነሐሴ 1 ቀን 1924 – ጥቅምት 15 ቀን 1966 ዓ.ም.) ኢትዮጵያዊ ሯጭና የክቡር ዘበኛ ባልደረባ ነበር። በዓለም የኦሊምፒክ ማራቶንን በተከታታይ ሁለት ጊዜ ያሸነፈ የመጀመሪያው ሰው ነው። በ1952 ዓ.ም. ሮም ላይ በባዶ እግሩ ሮጦ፣ በ1957 ዓ.ም. ደግሞ ቶኪዮ ላይ፣ የትርፍ አንጀት ቀዶ ጥገና በተደረገለት በስድስተኛው ሳምንት ገደማ፣ በ2 ሰዓት ከ12 ደቂቃ ከ11 ሰከንድ አሸነፈ።

በ1961 ዓ.ም. በደረሰበት የመኪና አደጋ እግሮቹ ሽባ ሆኑ። እንግሊዝ አገር በስቶክ ማንዴቪል ሆስፒታል ታከመ። ስፖርትን ግን አልተወም፤ በ1962 ዓ.ም. በሆስፒታሉ ስም በሚጠራው የአካል ጉዳተኞች ውድድር በቀስት ውርወራና በጠረጴዛ ቴኒስ ተሳተፈ። በ1963 ዓ.ም. ኖርዌይ ውስጥ ውሾች በሚጎትቱት የበረዶ መንሸራተቻ ተወዳድሮ አሸነፈ። በ41 ዓመቱ አረፈ፤ አዲስ አበባ በቅዱስ ዮሴፍ ተቀበረ።