አንቷን ዳባዲ

አንቷን ዳባዲ (1810–1897 እ.ኤ.አ.) የኢትዮጵያን መልክዓ ምድር በከዋክብት እየታገዘ የለካ ፈረንሳዊ አሳሽና የሥነ ፈለክ ተመራማሪ ነበር። የተወለደው በአየርላንድ፣ ደብሊን ከተማ ነው። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።)

ዳባዲ በ1838 ከወንድሙ ከአርኖ ጋር በምጽዋ በኩል ኢትዮጵያ ገብቶ እስከ 1848 ቆየ። ከጎንደር ተነሥቶ እስከ እናርያና ከፋ ተጉዟል። ቀን ተራራ ላይ ወጥቶ ቴዎዶላይት በተባለ ባለ ቴሌስኮፕ የማዕዘን መለኪያ ዙሪያውን ያሉትን ተራሮች አቅጣጫ ይመዘግባል፤ ሌሊት ጨረቃንና ከዋክብትን ተመልክቶ የቆመበትን ኬክሮስና ኬንትሮስ ያሰላል። በዚህ ዘዴ ከ800 በላይ ቦታዎች የት እንደሚገኙ ወሰነ።

የነጭ አባይን ምንጭ በግቤ ወንዝ አገኘሁ ማለቱ ግን ስህተት ነበር፤ ግቤ የሚፈሰው ወደ ኦሞ ነው። ጉዳዩ ከእንግሊዛዊው ተጓዥ ከቻርልስ ቢክ ጋር ለዓመታት አከራክሮታል። የወንዙን ነገር ቢስትም፣ ልኬቶቹ ለኋለኞቹ የኢትዮጵያ ካርታዎች ጠቅመዋል።

ወደ ፈረንሳይ ከተመለሰ በኋላ በሄንዳይ ከተማ አጠገብ፣ በባሕር ዳርቻ፣ አባዲያ የተባለ ግንብ አሠራ። በኢትዮጵያ ፊደል በተጻፉ ጽሑፎች ያጌጠው ይህ ግንብ የሥነ ፈለክ መመልከቻ ጣቢያም ነበረው። ዳባዲ ግንቡን ለፈረንሳይ የሳይንስ አካዳሚ ሲያወርስ፣ በ50 ዓመት ውስጥ የግማሽ ሚሊዮን ከዋክብት መዝገብ እንዲዘጋጅ ግዴታ አኖረ። ጣቢያው እስከ 1970ዎቹ ድረስ ሠርቷል።

በ1881 የአማርኛ–ፈረንሳይኛ መዝገበ ቃላት አሳትሟል። ከኢትዮጵያ የሰበሰባቸው ከ230 በላይ የብራና መጻሕፍት ዛሬ በፓሪስ፣ በፈረንሳይ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ይገኛሉ።