የዳግማዊ ምኒልክ ድምፅ

ዳግማዊ ምኒልክ ነሐሴ 12 ቀን 1836 ዓ.ም. አንጎለላ ላይ ተወለዱ። አባታቸው ኃይለ መለኮት፣ አያታቸውም የሸዋው ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ነበሩ። ዐፄ ቴዎድሮስ ሸዋን በያዙ ጊዜ በልጅነታቸው ተማርከው ወደ መቅደላ ተወሰዱ፤ በ1857 ዓ.ም. ከዚያ አምልጠው የአባታቸውን ዙፋን ያዙ። ዐፄ ዮሐንስ በመጋቢት ወር 1881 ዓ.ም. ከድርቡሽ ጋራ ሲዋጉ መተማ ላይ ከወደቁ በኋላም ንጉሠ ነገሥት ሆኑ። ይህ በየትምህርት ቤቱ የሚነገር ታሪክ ነው። የዛሬው ጽሑፋችን የሚያወሳው ግን ስለ ንጉሠ ነገሥቱ ድምፅ ነው።

በዚያው በ1881 ዓ.ም. ከኢጣልያ ጋራ የውጫሌ ውል ተፈረመ። የዐሥራ ሰባተኛው አንቀጽ የአማርኛው ቃል ምኒልክ ከአውሮፓ ነገሥታት ጋራ ለሚኖራቸው ጉዳይ ቢፈቅዱ በኢጣልያ መንግሥት ሊረዱ እንደሚችሉ ሲናገር፣ የኢጣልያንኛው ግን ፈቃዱን ግዴታ አድርጎ አስቀመጠው። በአንድ ግሥ ምክንያት የተነሣው ክርክር ውሎ አድሮ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ዐድዋ ላይ በደም ተቋጨ። የትርጉም ሥራ እንጀራው የሆነ ሰው ይህን አንቀጽ ባነበበ ቍጥር እጁ ይከብደዋል።

ከዐድዋ በኋላ የአውሮፓ መልእክተኞች ወደ አዲስ አበባ ጎረፉ። እንግሊዞችም ሬኔል ሮድን በዘይላና በሐረር መንገድ ልከው በግንቦት 1889 ዓ.ም. ውል ተዋዋሉ። በዚህ ውልና ከራስ መኰንን ጋራ በተለዋወጡት ደብዳቤ የእንግሊዝ ሶማሌ ወሰን ተቀነሰ፤ ከሐርጌሳ በስተደቡብ ያለው ሰፊው የሐውድ ግጦሽም ወደ ኢትዮጵያ ገባ። በሁለቱ ወገን ያሉ ጎሣዎች በግጦሹና በውሃው ጕድጓድ እንዲጠቀሙ ተፈቀደላቸው፤ ባለ ከብቶቹን ግን አስቀድሞ የጠየቃቸው አልነበረም። ዛሬም ከሐርጌሳ ዕቃ ጭኖ ወደ ጅግጅጋ የሚወጣ ነጋዴ የሚያቋርጠው ወሰን መሠረቱ የተጣለው በዚያ ጊዜ ነው።

ቀጥሎም ቀድሞ በዘይላ የእንግሊዝ ቆንሲል የነበረው ጆን ሌን ሃሪንግተን የመንግሥቱ እንደራሴ ሆኖ ወደ ምኒልክ ተሾመ። ይዞት ከመጣው ገጸ በረከት ሁሉ የሚያስደንቀው ፎኖግራፍ ነበር። ይህን መሣሪያ አሜሪካዊው ቶማስ ኤዲሰን በ1870 ዓ.ም. ፈጠረው። ሰው በመለከቱ አፍ ሲናገር ስስ ሽፋን ይንቀጠቀጣል፤ ከሽፋኑ ጋራ የተያያዘው መርፌም በሚሽከረከር ቧንቧ ላይ የንግግሩን ፈለግ ይቀርጻል። መርፌው በዚያው ፈለግ ሁለተኛ ሲሄድ ድምፁ ይመለሳል። መጀመሪያ ቧንቧው በስስ ቆርቆሮ የተለበሰ ነበር፤ በኋላ ግን በሰም ተተካ። አንዱ የሰም ቧንቧ ከጥቂት ደቂቃ ንግግር በላይ አይዝም፤ በተሰማም ቍጥር ይደክማል።

ንግሥት ቪክቶሪያ በነሐሴ 1890 ዓ.ም.፣ በሰባ ዘጠኝ ዓመታቸው፣ ለምኒልክና ለእቴጌ ጣይቱ የወዳጅነት ቃል በዚህ መሣሪያ ተናገሩ። ድምፃቸው በሌላ እጅ እንዳይገባ ቧንቧው ከተሰማ በኋላ እንዲሰበር ታዘዘ፤ እንደ ትእዛዙም ተፈጸመ። ምኒልክ ቃሉን ደጋግመው ከሰሙ በኋላ ለንግሥቲቱ ክብር መድፍ አስተኰሱ።

መልሱ በ1891 ዓ.ም. ተቀረጸ። ንጉሠ ነገሥቱ ለንግሥቲቱ ጤና ተመኝተው፣ ሃሪንግተንንም አመስግነው በዚያ ቢያበቁ ኖሮ ነገሩ የቤተ መንግሥት ጨዋታ ሆኖ በቀረ ነበር። ምኒልክ ግን ጥቂቷን ደቂቃ በከንቱ አላሳለፉም፤ ዐፄ ዮሐንስ ስለ ሃይማኖታቸው የሞቱባት መተማ ለኢትዮጵያ እንድትሆን ንግሥቲቱ ይረዷቸው ዘንድ ለመኑ። እቴጌ ጣይቱም በበኩላቸው ድምፅ ለድምፅ ለመሰማማት በመብቃታቸው ደስታቸውን ገለጹ። በወረቀት ላይ በሰፈረ ትርጉም አንድ ጊዜ የተታለለ ንጉሥ ጉዳዩን በገዛ አፉ ለመናገር መቸኰሉ አያስገርምም። ለንደን ሲደርስ ግን ያ ድምፅም ቢሆን ተርጓሚ ማስፈለጉ አልቀረም።

ንግሥቲቱ በጥር 1893 ዓ.ም. ዐረፉ። በግንቦት 1894 ዓ.ም. ምኒልክና ሃሪንግተን አዲስ አበባ ላይ የሱዳንን ወሰን ውል ፈረሙ፤ መሥመሩም በዚያችው ስፍራ በኩል አለፈ። ጋላባት ለሱዳን ሲቀር፣ መተማ ከማዶው በኢትዮጵያ በኩል ቆመች፤ ልመናው በግማሽ ተሰማ ማለት ይቻላል። የዚሁ ውል የዐባይ ውሃ አንቀጽ ደግሞ በአማርኛውና በእንግሊዝኛው መካከል ዳግመኛ የትርጉም ክርክር አስነሣ።

ምኒልክ ለአዲስ ዕቃ የነበራቸው ፍቅር በፎኖግራፍ ብቻ አልተወሰነም። የራሳቸውን ገንዘብ አሳተሙ፤ ፖስታና ስልክ አቆሙ፤ በ1898 ዓ.ም. የአቢሲኒያ ባንክ ተከፈተ፤ የጅቡቲው ባቡርም በዘመናቸው ድሬዳዋ ገባ። በ1900 ዓ.ም. ገደማ ተሰማ እሸቴን የአውቶሞቢል ሥራ እንዲማር ወደ ጀርመን ላኩት፤ ኋላ ነጋድራስ የሆነው ይህ ሰው እዚያ ሳለ ዘፈኑን በሸክላ አስቀረጸ። ሰሙ ለሁለት ቤተ መንግሥት ብቻ የተናገረ ሲሆን፣ ሸክላው ግን ገንዘብ ከፍሎ ለገዛው ሁሉ ዘፈነ።

ምኒልክ በ1902 ዓ.ም. መጀመሪያ ብርቱ ሕመም ወደቀባቸው፤ ሰውነታቸው ዝሎ አንደበታቸው ተዘጋ። የልጅ ልጃቸው ልጅ ኢያሱ ወራሽ መሆኑ ቀደም ብሎ ታውጆ ስለ ነበር፣ በዚያ ዘመን በስማቸው ሌሎች ይናገሩ ነበር። ታኅሣሥ 3 ቀን 1906 ዓ.ም. ዐረፉ። በ1891 ዓ.ም. በሰም ላይ የተናገሩት ቃል ግን እስከ ዛሬ ይሰማል፤ ድምፁ በጭረት መካከል ከሩቅ ይመጣል፤ የመተማም ስም በውስጡ አለ።