የዕድሜ ማራዘሚያ መድኃኒት የተጠየቁት የዳኦ መነኩሴ

ከሰበታ ተነስቶ እስከ ጅቡቲ የሚዘልቀው የኤሌክትሪክ ባቡር መስመር መስከረም 25 ቀን 2009 ዓ.ም. የተመረቀ ሲሆን፣ ከሰበታ እስከ ሚኤሶ ያለውን ክፍል የገነባው የቻይና ኩባንያ ነው። ግንኙነቱ በሥራና በንግድ እየሰፋ በመጣ መጠን ቻይናውያን በታሪካቸው የሚያከብሯቸውን ሰዎች ማወቅም ተገቢ ይሆናል። ከእነዚህም አንዱ የዳኦ ሃይማኖት መነኩሴ የነበሩት ቺው ቹጂ ናቸው።

ቺው ቹጂ እ.ኤ.አ. በ1148 በሻንዶንግ ግዛት ቺሺያ በተባለ ስፍራ ተወለዱ። በ1167 የቹዋንጀን ሥርዓተ ምንኩስና መሥራች የሆኑት የዋንግ ቾንግያንግ ደቀ መዝሙር ሆኑ። ይህ ሥርዓት የላኦ ዙን ትምህርት ከቡድሃና ከኮንፊውሺየስ አስተምህሮ ጋር ያዛመደ ሲሆን፣ ከማዕድን በሚቀመም መድኃኒት ፋንታ ጽሞናን፣ ድንግልናንና ምኞትን መግታትን ያስተምር ነበር። መምህራቸው በ1170 ካረፉ በኋላ ቺው ቹጂ ለ13 ዓመታት ያህል በዋሻና በተራራ በብሕትውና ኖሩ።

ዝናቸው እየገነነ በመሄዱ በ1219 የሞንጎሉ ገዥ ጄንጊስ ካን መልእክተኛ ልኮ አስጠራቸው። ከ70 ዓመት በላይ የሆናቸው መነኩሴ 18 ደቀ መዛሙርት አስከትለው በ1220 ጉዞ ጀመሩ። የሞንጎሊያን ሜዳና ሳማርካንድን አልፈው በ1222 ዛሬ አፍጋኒስታን በምትባለው ምድር ከካኑ ሰፈር ደረሱ።

ጄንጊስ ካን የጠየቃቸው ዕድሜ የሚያራዝም መድኃኒት ነበር። ከዚያ ቀደም በታንግ ሥርወ መንግሥት ዘመን እንዲህ ያለ መድኃኒት እየጠጡ ተመርዘው እንደሞቱ የሚነገርላቸው ነገሥታት ነበሩ። ብዙ ከተሞችን ባጠፋ ድል አድራጊ ፊት ተስፋውን የሚያፈርስ መልስ መስጠት ለሕይወት የሚያሰጋ ነበር። ቺው ቹጂ ግን ጤናን መጠበቂያ መንገድ እንጂ ሞትን የሚያስቀር መድኃኒት እንደሌለ በግልጽ ነገሩት፤ ከግድያ እንዲታቀብና ምኞቱን እንዲገታም መከሩት። ካኑ አልተቆጣም፤ ይልቁንም አከበራቸው። በ1223 ተከታዮቻቸውን ከግብር ነጻ የሚያደርግ ትእዛዝ ሰጥቶ አሰናበታቸው።

በጦርነት በተመታችው ሰሜን ቻይና ይህ ትእዛዝ የብዙዎች መጠጊያ ሆነ። የዩዋን ሥርወ መንግሥት ታሪክ በእርሳቸው ምክንያት ከባርነትና ከሞት የዳኑት ከ20 ሺህ እስከ 30 ሺህ እንደሚደርሱ ይገልጻል። የጉዞውን ታሪክ ደግሞ ደቀ መዝሙራቸው ሊ ጂቻንግ ጽፎታል።

የተገኘው ሞገስ ግን ዘላቂ አልነበረም። ከቡድሃ መነኮሳት ጋር በተነሳው ክርክር ምክንያት በ1281 ኩብላይ ካን ከዳኦ ዴ ጂንግ በስተቀር የዳኦ መጻሕፍት እንዲቃጠሉ አዘዘ። ሥርዓቱ ይህንን ሁሉ አልፎ እስከ ዛሬ ቆይቷል።

ቺው ቹጂ በ1227 ጄንጊስ ካን በሞተበት ዓመት አረፉ። አጽማቸው ያረፈበት በቤጂንግ የሚገኘው የነጭ ደመና ገዳም በአሁኑ ወቅትም የቻይና የዳኦ ሃይማኖት ማኅበር መቀመጫ ነው።