ንግርትና ዙፋን፦ ዐፄ ቴዎድሮስ በአንድ መሐንዲስ ዓይን

የመጽሔታችን አዘጋጆች ለዚህ ዓመት እትም ከሙያችን ጥቂት ወጣ ያለ ጽሑፍ እንዳዘጋጅ ሲጠይቁኝ፣ ሐሳቡ የመጣልኝ ከቤተ መጻሕፍት ሳይሆን ከኮልፌ 18 ማዞሪያ ነው። በዚያ አካባቢ አንድ ባለ አራት ፎቅ ሕንጻ በምቆጣጠርበት ጊዜ፣ የመሠረቱ ጉድጓድ ተቆፍሮና ፌሮው ታስሮ አርማታ ሊሞላ ሲል፣ ባለቤቱ ቀኑ መልካም አይደለም ብለው ሥራውን አስቆሙት። ለካስ ዓውደ ነገሥት ከሚገልጥ ሰው ዘንድ ሄደው ቀን አስቆጥረው ኖሯል። ዘጠኝ ቀን ጠበቅን። ወሩ ሰኔ ነበርና ዝናቡ አልጠበቀንም፤ የጉድጓዱ አንድ ጎን ተደርምሶ ፌሮውን በጭቃ ቀበረው። እኔ ያፈርሁት ግን በባለቤቱ ሳይሆን በራሴ ነው። ሥራው በቆመበት ዕለት አፈሩ ዝናብ እንደማይችል እያወቅሁ አንዲት ቃል አልተነፈስሁም። ገንዘቡ የእሳቸው ነበር።

ከዚያ ወዲህ አንድ ጥያቄ አልለቀኝም። ገንዘብ ያለው ሰው በንግርት ሲሄድ የሚደረመሰው የጉድጓድ ጎን ነው፤ ሥልጣን ያለው ሰው በንግርት ሲሄድስ? በአገራችን ታሪክ ይህን ጥያቄ ከዐፄ ቴዎድሮስ ሕይወት አብልጦ የሚመልስ አላገኘሁም።

ነገሥታትና ጠንቋዮች በየትም አገር ጎረቤታሞች ናቸው። የቻይና የሻንግ ነገሥታት የበሬ ትከሻ አጥንትና የኤሊ ድንጋይ በእሳት እያስተኮሱ ከስንጥቁ የጦርነትንና የመከርን ነገር ያነብቡ ነበር። የአሦር ንጉሥ አስራዶን በቤተ መንግሥቱ ዙሪያ ብዙ ኮከብ ቆጣሪዎች ነበሩት፤ የፀሐይ ወይም የጨረቃ ግርዶሽ ሞቱን የሚያመለክት በሆነ ጊዜ ሌላ ሰው በዙፋኑ ላይ ይቀመጥና ክፉው ዕጣ በእሱ ላይ እንዲያልፍ ይደረግ ነበር፤ በመጨረሻም ምትኩ ንጉሥ ይገደላል። የሮማው አውግስጦስ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ11 ዓ.ም. ስለ ሰው ሞት ጠንቋይ መጠየቅን በአዋጅ ከለከለ፤ የንጉሥን ዕድሜ የሚቆጥር ሰው ወራሽ ይፈልጋል ብሎ ስለ ሠጋ ነው። የልድያው ንጉሥ ክሮሶስ ደግሞ ከዴልፊ ጠንቋይ ዘንድ ልኮ፣ ወንዙን ቢሻገር ታላቅ መንግሥት እንደሚያጠፋ ተነገረው፤ ተሻገረና የራሱን መንግሥት አጠፋ። ሄሮዶቱስ እንደሚተርከው ከተማረከ በኋላ ሰንሰለቱን ወደ ዴልፊ ልኮ ወቀሳቸው። አንባቢ ይህን ሰንሰለት በልቡ ይያዝልኝ፤ ወደ እሱ እመለሳለሁ።

ካሣ ኃይሉ በ1811 ዓ.ም. ገደማ በቋራ ተወለደ። አባቱ ኃይሉ ወልደ ጊዮርጊስ ከአገሩ መኳንንት ወገን ቢሆንም ካሣ ገና ልጅ ሳለ ሞተ። እናቱ አትጠገብ ወንድበወሰን ከድህነት የተነሣ በጎንደር ኮሶ ትሸጥ ነበር እየተባለ ይወራ ነበርና፣ ይህ ወሬ ልጇን እስከ ዙፋኑ ድረስ ተከትሎታል። ካሣ በጨንከር ተክለ ሃይማኖት ገዳም ፊደል ቆጠረ፤ ገዳሙ በመሳፍንቱ ጦርነት ሲወረርና ሕፃናቱ ሲታረዱ እሱ አመለጠ። ከዚያም በዘመዱ በደጃዝማች ክንፉ ቤት አደገ፤ ክንፉ ሲሞት ርስቱን ሌሎች ተካፈሉትና በቋራ በረሃ ሸፈተ።

ዘመኑ ዘመነ መሳፍንት ነበር። በጎንደር ስማቸው ብቻ የቀረ ነገሥታት ይሾማሉ፤ ይሻራሉ፤ አገሩን የሚገዙት ራሶችና ደጃዝማቾች ናቸው። እንዲህ ባለ ዘመን ሰው ሁሉ አንድ መጽሐፍ ያስታውስ ነበር፤ ይኸውም ፍካሬ ኢየሱስ ነው። መጽሐፉ ጌታ ለደቀ መዛሙርቱ የኋለኛውን ዘመን ምልክት እንደ ነገራቸው አድርጎ ይተርካል። ዳኞች ጉቦ የሚበሉበት፣ ካህናት ሥርዓት የሚረሱበት፣ ደሀ የሚገፋበት ጊዜ ይመጣል፤ ከዚያ በኋላ ከምሥራቅ ቴዎድሮስ የሚባል ንጉሥ ይነሣል፤ በእሱም ዘመን ሰላምና ፍትሕ ይሰፍናል ይላል። ከዐፄ ዳዊት ቀጥሎ አንድ ዓመት ያልሞላ ጊዜ የነገሠው ቀዳማዊ ቴዎድሮስ ተመልሶ ይመጣል የሚል እምነትም በሕዝቡ ዘንድ ነበረ፤ ስኮትላንዳዊው ተጓዥ ጀምስ ብሩስ ይህን ወሬ ሰምቶ ጽፎታል።

ይህ ንግርት የአንድ ሰው ንብረት አልነበረም። ማንም ሊወርሰው ይችል ነበር። የንጉሥ ዘር መቁጠር ለሚያዳግተው ለካሣ ዋጋው ትልቅ የሆነውም ስለዚሁ ነው። ከሰሎሞን ቤት መወለድ በደም ነው፤ ፍካሬ ኢየሱስ የሚጠይቀው ግን ስምና ሥራ ብቻ ነው። በሸዋም ተመሳሳይ ነገር ይነገራል፤ ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ምኒልክ የሚለውን ስም ለራሳቸው ሊወስዱ ፈልገው፣ ስሙ የሚቀናው ለልጅ ልጅዎ ነው ተብለው ተዉት ይባላል። በዚያ ዘመን ስም እንደ ርስት የሚጠበቅ ነገር ነበር።

የካሣ አነሣስ በጦር ሜዳ ነው። ራስ ዓሊ ልጃቸውን ተዋበችን ዳሩለት፤ እሱ ግን በ1839 የዓሊን እናት እቴጌ መነንን ማረከ። በ1840 በሱዳን ጠረፍ ደባርቂ በተባለ ስፍራ መድፍ የያዘ የግብፅ ጦር ድል ነሣው፤ እኔ እንደምገምተው ከዚያ በኋላ የመድፍ ነገር ከልቡ አልወጣም። በኅዳር 1845 ደጃዝማች ጎሹ ዘውዴን በጉር አምባ፣ ሰኔ 23 ቀን 1845 ራስ ዓሊን በአይሻል፣ የካቲት 3 ቀን 1847 ደጃዝማች ውቤን በደረስጌ ድል መታ። ውቤ ለራሳቸው ንግሥ አሠርተውታል በሚባለው በደረስጌ ማርያም ቤተ ክርስቲያን፣ በሁለት ቀን ልዩነት፣ አቡነ ሰላማ ካሣን ቀብተው አነገሡት። ስሙም ቴዎድሮስ ተባለ።

ቋራ ከአገሪቱ በስተምዕራብ ዳርቻ ነው። ንግርቱ የሚለው ከምሥራቅ ነው። የመሬት ቅየሳ ለምናውቅ ሰዎች ይህ ትልቅ ስሕተት ይመስላል፤ ግን በዚያን ቀን ኮምፓስ ያወጣ አልነበረም።

አዲሱ ንጉሠ ነገሥት ንግርቱን ያምኑበት ነበር ወይስ ለሥልጣን መሣሪያ አደረጉት? ብዙ ሰው ከሁለቱ አንዱን ይመርጣል። በበኩሌ ሁለቱ የሚጣሉ አይመስለኝም፤ ገዳም ያደገ ልጅ በመጽሐፉ ያምናል፤ ሽፍታ የነበረ ሰው ደግሞ የሚጠቅመውን ያውቃል። ልብ ማለት የሚገባን ግን ስሙ ከተያዘ በኋላ የሚያስከፍለውን ዋጋ ነው። ተራ ንጉሥ ቢያስተዳድር ይበቃዋል፤ ቴዎድሮስ የተባለ ንጉሥ ግን ፍትሕንና ሰላምን በዕድሜው ማምጣት አለበት። በእኛ ቋንቋ ብናገር፣ የሥራው መጨረሻ ቀን መሬቱ ሳይጠና ተፈርሟል።

መጀመሪያው ያማረ ነበር። በ1848 ሸዋ ገባ፤ ሕፃኑ ምኒልክ ተማርኮ በኋላ መቅደላ ተቀመጠ። ንጉሠ ነገሥቱ ወንበዴውን ወደ እርሻው፣ ነጋዴውን ወደ ንግዱ እንዲመለስ አወጁ፤ ወታደሩ ባላገሩን ከመዝረፍ ወጥቶ ደመወዝ እንዲበላ አሰቡ። ለዚህ ገንዘብ ያስፈልግ ነበርና ለአንድ ደብር ሁለት ቄስና ሦስት ዲያቆን ይበቃል፣ የተረፈው መሬት ይወሰድ አሉ። እንደኔ አስተያየት ንግርቱ የተሰበረው እዚህ ላይ ነው። ፍካሬ ኢየሱስን የሚገለብጡት፣ የሚያነብቡት፣ ለሕዝቡ የሚተረጕሙት እነዚያው ካህናትና ደብተራዎች ናቸው። ቴዎድሮስ ይኸ ነው ብለው የመሰከሩ ሰዎች መሬታቸው ሲወሰድ፣ የሚጠበቀው ንጉሥ ይኸ አይደለም ማለት ቻሉ።

አሁን ወደ ክሮሶስ ሰንሰለት ልመለስ። ክሮሶስ የሚወቅሰው ዴልፊ ነበረው። አስራዶን አንዱ ኮከብ ቆጣሪ ቢሳሳት ሌላውን ይጠይቃል። ንግርቱ ከንጉሡ ውጭ እስካለ ድረስ ጠንቋዩ ይባረራል፤ ምልክቱ ሌላ ፍች ያገኛል፤ መንግሥቱም መተንፈሻ አለው። ዐፄ ቴዎድሮስ ግን ንግርቱን ራሳቸው ለበሱት። ነገሩ ሲበላሽ ተሳስተሃል የሚሉት ጠንቋይ አልነበራቸውም፤ ያላቸው ሕዝቡ ብቻ ነበር፤ የከፋው ቅጣትም በሕዝቡ ላይ ወረደ። ከጎረቤታችን ከሱዳን በ1873 ማህዲ ነኝ ብሎ የተነሣው መሐመድ አሕመድ ተመሳሳይ ልብስ ለብሶ ነበር፤ እሱ ግን በ1877 ካርቱምን በያዘ በጥቂት ወራት ውስጥ ሞተና ስሙ ሳይፈተን ቀረ።

ተው የሚሏቸው ሰዎችም አንድ በአንድ አለቁ። እቴጌ ተዋበች በ1850 ሞቱ። እንግሊዛውያን ወዳጆቻቸው ፕላውደን በ1852፣ ጆን ቤል በ1853 ተገደሉ። አቡነ ሰላማ መቅደላ ታስረው በ1860 እዚያው ዐረፉ። ምኒልክ በ1857 አምልጦ ሸዋ ገባ። ጎንደር በ1859 ተዘረፈች፤ ተቃጠለች፤ አብያተ ክርስቲያናቷ አልቀሩም። የአገሪቱ አንድነት ሕልም ትልቅ ነበር ብለን ይህን ማለፍ አንችልም።

በዚህ ሁሉ መካከል ለእኛ ለመሐንዲሶች ልዩ የሆነ ታሪክ አለ። ደብረ ታቦር አጠገብ በጋፋት፣ ወንጌል ሊሰብኩ ከስዊስና ከጀርመን የመጡ ባለእጆች መድፍ እንዲያቀልጡ ታዘዙ። መድፍ ሠርቶ የማያውቅ ሰው ከአገሬው ሠራተኛ ጋር እየሞከረ፣ እየከሸፈበት፣ መጨረሻ ላይ ሴባስቶፖል የተባለውን ሰባት ቶን ገደማ የሚመዝን ሞርታር አወጣ። በ1855 ለንግሥት ቪክቶሪያ የተጻፈው ደብዳቤ መልስ ሳያገኝ ሲቀርና ቆንስሉ ካሜሮን በ1856 ሲታሰር የእንግሊዝ ጦር መምጣቱ የማይቀር ሆነ። ንጉሠ ነገሥቱ በ1860 መጀመሪያ ደብረ ታቦርን አቃጥለው ሴባስቶፖልን ወደ መቅደላ አስጎተቱ። ከፊታቸው የጂዳና የበሽሎ ገደሎች ነበሩ። ወደ ገደሉ የሚወርደውና የሚወጣው መንገድ ዐለት እየተፈነቀለ፣ ንጉሡ ራሳቸው በእጃቸው ድንጋይ እያነሡ፣ ስድስት ወር ያህል ተሠራ። የናፒየር ጦር በዝሆኖችና በባሕር ዳር በዘረጋው ባቡር ታግዞ ሲመጣ፣ በመጨረሻው ጉዞ በዚያው በንጉሡ መንገድ ነው የተጓዘው፤ መኰንኖቹም ሥራውን አድንቀው ጽፈዋል።

ከዚህ ሁሉ ታሪክ እኔ የምወደው እነዚህን ስድስት ወራት ነው። ስሙ የተነበየው ሁሉ በተበተነበት ጊዜ፣ ሰውዬው ንግርት የማያስፈልገውን ሥራ ይዘው ነበር፤ ጎማው በዚህ ዳገት ይወጣል ወይስ አይወጣም? ይህን ኮከብ አይመልሰውም።

ሚያዝያ 3 ቀን 1860 በአሮጌ ሜዳ ሰባት መቶ ያህል ኢትዮጵያውያን ወደቁ፤ ከመድፎቹ ትልቁ አንዱ ባሩድ በዝቶበት በመጀመሪያ ተኩሱ ፈነዳ። ሚያዝያ 6 ቀን እንግሊዞች መቅደላን ሲወጡ ዐፄ ቴዎድሮስ፣ ንግሥት ቪክቶሪያ በስጦታ በላከችላቸው ሽጉጥ ራሳቸውን ገደሉ። ናፒየር ምሽጉን አቃጠለ። በንጉሠ ነገሥቱ የተሰበሰቡት የብራና መጻሕፍትና ንዋያተ ቅድሳት በዐሥራ አምስት ዝሆኖችና ወደ ሁለት መቶ በሚጠጉ በቅሎዎች ተጭነው ወረዱ። ሴባስቶፖልን የሚያወርደው አልተገኘም፤ ዛሬም እዚያው አምባው ላይ ነው።